ታቢታ የአማቷን ስም የጠራችበት ቀን

ስለ ታቢታ ማውራት ስጀምር ሰው ሁሉ መጀመሪያ የሚለኝ፣ «ያቺ በገዛ ዝምታዋ ቤቷን ያጣችው?» ነው። ኧረ ወዲያ! በገዛ ዝምታዋ አይደለም። ዝምታዋን አውቆ ያጠመደባት ሰው ነበረ፤ ያንን ሰው ደግሞ ሁለት ሸንጎ ተቀምጦ አላየውም። እኔ ደስታነሽ ጎረቤቷ ነኝ፤ አጥሬ ካጥሯ የተያያዘ ነበር። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አብሬያት ስለነበርኩ ከእኔ ስሙ።

ቤቷ ታቦር ተራራ ሥር ነበር። ያን ጊዜ ሐዋሳን አዋሳ ነው የምንላት፤ ሰፈሩም እንደ ዛሬው ቤት በቤት ላይ አልተደራረበበትም። እኔና ባለቤቴ ከጉራጌ አገር መጥተን ገበያው ጋ ትንሽ ሱቅ ስንከፍት፣ እነ ታቢታ ቀድመው እዚያ ሰፍረው አገኘናቸው። ባሏ ማቴዎስ ግንበኛ ነበር። ከአዲስ ከተማ እስከ ሐይቁ ዳር የእሱ እጅ ያላረፈበት ግንብ የለም ማለት ይቻላል፤ የራሱን ቤት ግን ጭቃና እንጨት ነው የሠራው። «የሰው ቤት ሠርቼ ስመለስ ድንጋይ ማየት ያስጠላኛል» ይል ነበር።

ቦታውን የሰጡት አባቱ ናቸው። ከተማው ሳይመሠረት ሽማግሌው ከብት ያሰማሩበት የነበረ ሜዳ ነው። በኋላ ሲሸነሸን አንድ ቁራጭ ደረሳቸው፤ እሱንም ለማቴዎስ ሰጡት። የስድሳ ሰባቱ አዋጅ ወጥቶ የከተማ መሬት ሁሉ የመንግሥት ሲሆን መሬቱ ከእጃቸው ወጣ፣ ቤቱና ግቢው ግን በማቴዎስ ስም ቀበሌ ተመዝግቦ ቀረ።

ታቢታን ከሸበዲኖ ያመጣት በሽማግሌ ነው፣ በደንቡ፣ ከብት ተሰጥቶባት። ወንጌል የተቀበሉት ከተጋቡ በኋላ ስለሆነ የቤተ ክርስቲያን ወረቀት የላቸውም። ማን ወረቀት ይጠይቃል ያኔ? አንድ ወንድ ልጅ ወልደው ነበር፤ በሕፃንነቱ በኩፍኝ ሞተባቸው። ከዚያ በኋላ አልሆነላቸውም። ረጅም፣ ቀጥ ያለች፣ ስትስቅ አፏን በእጇ የምትሸፍን ሴት ነበረች። ከገጠር ቆጮ እያስመጣች ገበያ ትሸጥ ነበር፤ የእሷን ቆጮ የቀመሰ ደግሞ ሌላ ጋ አይሄድም።

አሁን የነገሩን ሥር ልንገራችሁ፤ ይህን ያልያዘ ሌላውን አይይዘውም። በሲዳማ ያገባች ሴት የባሏን አባት ስም አትጠራም። ባሊሻ ይሉታል። ስሙን ብቻ መስሏችሁ! ስሙ የሚጀምርበትን ድምፅ የያዘ ቃል ሁሉ ለእሷ ክልክል ነው፤ በሌላ ቃል ትተካዋለች። ሰውየው በሕይወት ኖሩም ሞቱም ያው ነው። የማቴዎስ አባት ደግሞ ኩማ ነበር ስማቸው። እንግዲህ አስቡት፤ ኩባያ የለም፣ ኩንታል የለም፣ ኩሬ የለም! ሲዳምኛ ስታወራ ብቻ አይደለም፣ በአማርኛም ያው ነው።

«ደስታ፣ እባክሽ ያንን የውሃ መጠጫ አቀብዪኝ» ትለኛለች።

እኔ ነገረኛዋ፣ «የቱን? ስሙ ማነው?» እላለሁ።

«አንቺ ሰይጣን!» ትልና አፏን ሸፍና ትስቃለች። ወንጌል ከተቀበለች በኋላ እንኳ አልተወችውም። አንድ ቀን፣ «ጌታ ነፃ አውጥቶሽ የለም እንዴ?» ብዬ ብነካካት ኮስተር ብላ፣ «ይሄ እስር አይደለም፣ አክብሮት ነው። እሳቸው እንደ ልጃቸው ነበር የያዙኝ» አለችኝ። ልጇን የወሰደባትን በሽታ እንኳ በስሙ ጠርታው አታውቅም፤ «ያ ሽፍታ» ነበር የምትለው። ይሄን ስታዘብ ከዚያ ወዲያ ማሾፉን ቀነስኩ።

ማቴዎስ በሰባ ሁለት ዓመተ ምሕረት በጉበት ሞተ። ለቅሶው ላይ ደበሌ የሚባል ወንድሙ ከገጠር መጣ። ከአንድ አባት ናቸው፣ እናታቸው ሌላ ሌላ ነው። ደበሌ ደረቱን እየመታ ከሁላችንም በላይ አለቀሰ። እኔም የዋህ፣ «ወንድም እንዲህ ነው» ብዬ አዘንኩለት። በሬ ሆይ፣ ሳሩን አይተህ ገደሉን ሳታይ አሉ! ሐዘኑ ገና ሳይበርድ ቀበሌ ሄዶ ከሰሳት። ክሱን ስሰማ ጆሮዬን ማመን አቃተኝ። ታቢታ የወንድሜ ሚስት አይደለችም፣ ምግብ አብሳይ ሆና የተቀጠረች ሠራተኛ ናት፣ ቤቱ ለእኔ ይገባል ነው የሚለው። ነገሩ ሁሉ እዚህች ላይ ነው ያለው። ሚስት ከሆነች ቤቱ የእሷ ነው፣ የሚነካት የለም። ሠራተኛ ከተባለች ግን ልጅ የሌለው ሰው ቤት ለወንድሙ ያልፋል።

እሷ እንደ ቀልድ ነው ያየችው። «ምስክር ከአገር ቤት ጥሪ፣ ሲድሩሽ የነበሩትን ሽማግሌዎች አምጪ» ብዬ ለመንኳት።

«ለዚህ ብዬ ሽማግሌ አላደክምም» አለች። «ደበሌ ራሱ የሠርጌ ቀን ሥጋ በልቷል። ሰው ፊት ቆሞ እንዴት ይክዳል?»

ይክዳላ! ያልተካደ ምን አለ! ግን ታቢታ በአገሯ ያደገችው ሰው ሽማግሌ ፊት ከቆመ እውነት ይናገራል በሚል ነው፤ ሸንጎም ሌላ የሽማግሌ ጉባኤ ነው የመሰላት። ለምስክርነት የጠራችው እኔንና አንዲት ሌላ ጎረቤት ብቻ ነበር።

የቀበሌው ፍርድ ሸንጎ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ነበር የሚሰየመው። ሰብሳቢው ካኪ የለበሰ፣ ከሌላ አገር ተዛውሮ የመጣ ወጣት ነው። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ችኩል ነበር። ከአባላቱ አንዱ የሲዳማ ልጅ ነበር፤ እሱን ሳይ ልቤ ትንሽ ተረጋጋ፤ «ይሄ እንኳ ነገሩ ይገባዋል» አልኩ።

ታቢታ ቆማ ደኅና አድርጋ ተናገረች። እንዴት እንደተዳረች፣ ቤቱን አብረው ጭቃ እያቦኩ እንደሠሩ፣ ልጃቸውን የት እንደቀበሩ። ሰብሳቢው ሁሉ ራሱን ሲነቀንቅ አየሁት። ያን ጊዜ ደበሌ እጁን አወጣ።

«ጓድ ሰብሳቢ፣ አንድ ጥያቄ ብቻ ይጠየቅልኝ። ሚስቱ ከሆነች የባሏን አባት ስም ትንገረን።»

ወይ ጉድ! ይሄን ጥያቄ እኮ ሌላ ሰው ሊያስበው አይችልም። የሲዳማ ልጅ፣ ባሊሻን ከእናቱ ጉልበት ሥር የተማረ፣ እሱ ብቻ ነው የሚያውቀው። አክብሮቷን ገመድ አድርጎ አንገቷ ላይ አጠለቀባት።

«ቀላል ጥያቄ ነው» አለ ሰብሳቢው። «ማን ይባላል?»

ታቢታ ዝም አለች። ፊቷ ሲቀላ አየሁት።

«የማቴዎስ አባት ስም። እስቲ በይ።»

«የእኛ አገር ሴት... አይጠራም ጓድ። ነውር ነው» አለች በቀስታ።

«ነውር? ስም መጥራት ነውር? አብዮቱ እኮ ይህንን ኋላ ቀር ልማድ ነው የሚታገለው! ታውቂዋለሽ ወይስ አታውቂውም?»

ታቢታ አንገቷን ደፋች። እኔ አላስቻለኝም፤ ከመቀመጫዬ ብድግ ብዬ፣ «በሕግ አምላክ! እሷ አትጠራም፣ እኔ ልንገራችሁ! ኩማ ነው ስማቸው!» ብዬ ጮኽኩ። ሰብሳቢው ጠረጴዛውን መትቶ በጥበቃ አስወጣኝ። እየገፉ ሲያስወጡኝ ዞር ብዬ ወደዚያ የሲዳማ ልጅ አየሁ፤ አንድ ቃል ቢናገር ያድናት ነበር። አቀርቅሮ ጣቶቹን ያያል። በዚያ ዘመን የብሔረሰቡን ወግ ደግፎ የተናገረ «ጠባብ ብሔርተኛ» ይባል ስለነበር ፈርቶ ነው። ስለፈራ አልፈርድበትም፤ ግን እስከ ዛሬ ሳገኘው ሰላምታዬ ከአንገት በላይ ነው።

በተራዬ ለምስክርነት ተጠርቼ ስገባ ሰብሳቢው፣ «ያንን ስም ከእሷ አፍ ሰምተሽ ታውቂያለሽ?» አለኝ። ምን ልበል? «ከእሷ አፍስ ሰምቼ አላውቅም፣ ከባሏ ነው የሰማሁት» አልኩ። «ሲጋቡስ አይተሻል?» አላየሁም። እኔ እኮ ስመጣ ተጋብተው ነው ያገኘኋቸው! ጸሐፊው ይሄንንም ጻፈ። ውሳኔው ሲነበብ፣ «የባሌ ነው የምትለውን ሰው አባት ስም የማታውቅ ሴት የትዳር ጓደኛ ነበረች ለማለት አይቻልም» ይላል። ዝም አይነቅዝም ይላሉ ሰዎች፤ የታቢታ ዝምታ ግን ነቀዘ።

ይግባኝ አለን። የከፍተኛው ፍርድ ሸንጎ ሰብሳቢ ጓድ ባህሩ ይባላሉ፤ የቀድሞ አስተማሪ ናቸው፣ ሽበታቸው የሚያምር፣ ሰው ሲናገር የማያቋርጡ። ይሄኔ ታቢታም ነቅታ አገር ቤት ላከች። አራት ሽማግሌዎች ቡሉኳቸውን ደርበው መጡ። ታላቃቸው አቶ ዳንጊሶ ይባላሉ፤ ለጋብቻዋ አማላጅ ሆነው የሄዱት፣ ከብቱን ቆጥረው ያስረከቡት እሳቸው ናቸው። ከዚህ በላይ ምን ምስክር አለ? እኔ ያን ዕለት ጠዋት፣ «በቃ፣ ደበሌ ዛሬ ጉድህ ፈላ!» እያልኩ ነው የሄድኩት።

ጓድ ባህሩ መዝገቡን ገለጥ ገለጥ አድርገው አዩና፣ «እነዚህ አባቶች እታች ቀርበው ተሰምተዋል?» አሉ።

«አልተሰሙም» አልን።

መነጽራቸውን አወለቁ። «እንግዲህ ላስረዳችሁ። እኛ እዚህ ምስክር አንሰማም። የሥር ሸንጎ የሰማውን በወረቀት ነው የምናየው። ሕግ ተላልፎ ከሆነ እናርመዋለን። እውነቱ ምን ነበር ብለን ነገሩን ከመጀመሪያው መጀመር ግን አንችልም። የፍሬ ነገር ክርክር እዚያው ያበቃል።»

«ታዲያ እውነቱን የሚያየው የትኛው ነው?» አልኩ፤ አፌ መቼ ያርፋል።

«እታች ነበር የሚታየው፣ እቴ» አሉኝ። ሲናገሩ ደስ አላላቸውም፤ እሱን ልመስክርላቸው።

ሽማግሌዎቹ እንደ ታዳሚ ከኋላ አግዳሚ ላይ ተቀመጡ። ጓድ ባህሩ መዝገቡን ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ማንበብ ጀመሩ። ታቢታ ቆማ ታዳምጣለች። «የቤት ሠራተኛ እንደነበረች... ሚስት ስለመሆኗ ማስረጃ ያላቀረበች... የሟችን አባት ስም ተጠይቃ የማታውቅ...» እዚህ ላይ ሲደርሱ ከታቢታ ጉሮሮ አንድ ድምፅ ወጣ። ለቅሶ መስሎኝ ነበር።

«ኩማ!» አለች።

ጓድ ባህሩ ማንበባቸውን አቋረጡ።

«ኩማ ነው! ኩማ ነው የባሌ አባት! ኩማ!» እየደጋገመች ጮኸች። ዕድሜዋን ሙሉ ጠብቃ የኖረችውን በአንድ ትንፋሽ ደፋችው። ዞር ብዬ ሽማግሌዎቹን አየሁ። አንዱ ቡሉኮውን ፊቱ ላይ ጎትቶ ተከናነበ። ሌሎቹ መሬት መሬት ያያሉ። ደበሌ እንኳ ቀና ብሎ ማየት አቃተው። እኔ በሕይወቴ እንደዚያ ቀን አፍሬም አዝኜም አላውቅም፤ ገላዋን ገፍፈው አደባባይ ያቆሟት ነው የመሰለኝ።

ጓድ ባህሩ መዝገቡን አጠፉት። ከዚያ ድምፃቸው ወርዶ፣ «እህቴ፣ ይሄ እኮ መባል የነበረበት እታች ነው» አሉ። «እዚህ የተባለውን እዚያ እንደተባለ አድርጌ ልጽፈው አልችልም።» ውሳኔው ጸና።

ከኋላዬ አንዷ ሴትዮ ከንፈሯን መጥጣ፣ «የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች» አለች። ተረቱ ልክ ነው፤ እኔ ግን በጥፊ ልላት ምንም አልቀረኝ።

ታቢታ ወጥታ ግቢው ጥግ አጥሩን ተደግፋ ቁጭ ብላ ነበር፤ ፊቷን በነጠላዋ ሸፍናለች። ሽማግሌዎቹ በዚያ ሲያልፉ እንዳያዩዋት ነው። ሦስቱ ወደ በሩ ሄዱ። አቶ ዳንጊሶ ግን ምርኩዛቸውን እየተከሉ ወደ እሷ መጡ። በሲዳምኛ ነው የተናገሩት፤ በገበያ የለመድኩት ቋንቋ ስለሆነ ሰማሁ።

«የኩማ ልጅ ሚስት፣ ተነሺ» አሏት። «ነውሩ የአንቺ አይደለም። ያስጠራሽ ሰው ነው።»

ማታ እኔ ቤት ሆነን፣ «አንቺ ሴት፣ ከጠራሽው አይቀር ምናለ ያኔ ብትጠሪው?» አልኳት፤ ንዴቴ አልበረደልኝም ነበር።

«ያኔ የሚወስዱብኝ ቤት ብቻ ነበር የመሰለኝ» አለች። «ለቤትማ እሳቸውን አላዋርድም። ሠራተኛ ብለው ሲያነቡት ግን... ደስታ፣ ባሌን ከሞተ በኋላ ወሰዱብኝ እኮ።» ምን ብዬ ላጽናናት? አቅፌያት አለቀስን።

እኔ ተስፋ አልቆርጥ ብዬ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ጎትቻት ሄድኩ። መዝገብ ቤቱ ያለው ሰው ወረቀቱን በጣቱ ገፋ አድርጎ፣ «የከተማ ቤትና ቦታ ክርክር እዚህ አይታይም፣ በሸንጎ ያለቀ ነው» አለን። የበላይ ሲባል ከሩቅ ትልቅ ይመስላል፤ ቀርበን ስናየው በሩ አንድ ሰው እንኳ የማያሳልፍ ሆኖ አገኘነው። ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ ነው፣ ተመለስን። ቀበሌ መጥቶ ዕቃዋን አወጣ። ደበሌ ገባ።

ከዚያ በኋላ እኔ ጓሮ ባለችው ክፍል ኖረች። ቆጮዋን መሸጧን ቀጠለች፣ ባሏ በሠራው በር ፊት ለፊት በየቀኑ ታልፋለች። ደበሌን ረግማው አታውቅም፤ ርግማኑን ለእኔ ትታው ይሆናል፣ እኔ አላጎደልኩበትም። ሳቋ ግን ቀነሰ። ሰባት ዓመት ጠብቃ ልታገኘው የምትችለው ፍርድ ቢኖር ጠብቃ ታገኘው ነበር፤ አልነበረም። በሰባ ዘጠኝ ክረምት ሳንባዋን ታማ፣ ብዙም ሳታስቸግረን፣ እጄ ላይ ሞተች።

እዚሁ ከተማ ልንቀብራት ስንሰናዳ ደጄ ላይ ሰው ተሰበሰበ። አቶ ዳንጊሶ ናቸው፤ ዓይናቸው ደክሞ ሰው እየመራቸው ነው የመጡት። ከኋላቸው የማቴዎስ ጎሣ ሰው ግቢውን ሞላው።

«ልንወስዳት ነው የመጣነው» አሉኝ።

«ወዴት ነው የምትወስዷት?»

«ባሏ ጋ ነዋ! ሚስት የት ትቀበራለች?»

እዚያው በሩ ላይ ተንበርክኬ እግራቸውን ሳምኩ። ወደ ገጠር፣ እንሰቱ መሀል፣ ማቴዎስ ወደ ተኛበት ወሰድናት። ከእሱ ራስጌ ደግሞ የአባቱ የኩማ መቃብር አለ። ሰዎቹ መዝሙር ዘምረው ሬሳዋን አወረዱ፤ አፈር መመለስ ሲጀመር ወንዶቹ በየተራ አካፋ ያነሳሉ። ደበሌም መጥቶ ነበር። ሰው መሀል ገፋ ገፋ ብሎ ገብቶ አካፋ ያዘ።

አቶ ዳንጊሶ እጃቸውን ዘርግተው የአካፋውን እጀታ ያዙት።

«ማነው?» አሉ።

«እኔ ነኝ፣ ደበሌ።»

«ደበሌ፣ አንተ ለዚች ሴት ምኗ ነህ?»

ሰው ሁሉ ቆመ። ደበሌ ግራ ቀኙን አየ፤ የሚያየው አጣ። ላቡ በግንባሩ ሲወርድ አየሁት። እጀታውን መልቀቅም አልቻለም፤ የወንድሙን ቤት ሰው ሳይቀብር የሄደ ሰው በዚያ አገር ዳግም አይቆምም።

«ዋርሳዋ ነኝ» አለ ቀስ ብሎ። የባሏ ወንድም ነኝ ማለቱ ነው።

«አልሰማሁህም። ሸንጎ ፊት ስትናገር ድምፅህ ትልቅ ነበር ይላሉ።»

«ዋርሳዋ ነኝ! የወንድሜ ሚስት ናት!» ብሎ ጮኸ፤ ድምፁ ተሰበረ።

አቶ ዳንጊሶ እጀታውን ለቀቁለት። ደበሌ እያለቀሰ አፈሩን መመለስ ጀመረ። እኔ አላለቀስኩም። ያንን ቃል መስማት የነበረባት አንዲት ሴት ናት፤ እሷ ደግሞ እሱ በሚመልሰው አፈር ሥር ነበረች።